ኳንተምን ፈርተው ቢትኮይንዎን ከመሸጥዎ በፊት ማወቅ ያለብዎ

የአክስቴ ልጅ ዱባይ ነው የሚኖረው። ከደመወዙ እየቆነጠረ ቢትኮይን መግዛት ከጀመረ ሰባት ዓመት አልፎታል። አንድ ማታ በቴሌግራም ቪዲዮ ላከልኝና አይቼ ሳልጨርስ ደወለ። «ጋሼ፣ አለቀልን እንዴ? ሽጬ ልውጣ?» ቪዲዮው ላይ አንድ ወጣት የጉግልን አዲስ የኳንተም ቺፕ ምስል ከኋላው ለጥፎ፣ ይህ ማሽን የዓለምን ክሪፕቶ በአምስት ደቂቃ ባዶ ያስቀረዋል እያለ ይምላል።

ቺፑ እውነተኛ ነው። ስሙ ዊሎው ይባላል፤ ጉግል ይፋ ያደረገው በዲሴምበር 2024 ነው (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። አምስት ደቂቃዋም ከሜዳ የተለቀመች አይደለችም። ጉግል ራሱ፣ ዊሎው ከአምስት ደቂቃ ባነሰ ጊዜ የጨረሰውን ስሌት ከዓለም ፈጣኖቹ ኮምፒውተሮች አንዱ ልሥራው ቢል ከአጽናፈ ዓለሙ ዕድሜ የሚበልጥ ዘመን ይወስድበታል ብሏል። ወጣቱ ያልነገረን፣ ያ ስሌት ማሽኑን ለመፈተን ብቻ የተሰናዳ መሆኑን ነው። የማንንም ዋሌት አይከፍትም።

ስለዚህ «ተወው፣ ወሬ ነው» ብዬ ስልኩን መዝጋት እችል ነበር። አልዘጋሁም፤ ምክንያቱም ከወሬው ጀርባ ያለው አደጋ የምር ነው። ብቻ ሰዎች የሚፈሩት ከአንድ አቅጣጫ፣ አደጋው የሚመጣው ከሌላ አቅጣጫ ነው። ያን ማታ ለእሱ የነገርኩትን፣ ጥቂት ጨምሬበት፣ እነሆ።

ኳንተም የሚሰብረው የቱን ነው?

ብዙ ሰው ቢትኮይን በምስጢር ጽሑፍ ተቆልፎ የተቀመጠ ገንዘብ ይመስለዋል። አይደለም። መዝገቡ እንደ ዕድር መዝገብ ለሁሉም የተዘረጋ ነው፤ የትኛው አድራሻ ላይ ስንት እንዳለ ማንም ያነበዋል። ከአንዱ ወደ ሌላው ለማዛወር ግን ፊርማ ያስፈልጋል፤ ጥበቃው ያለው እዚያች ፊርማ ላይ ነው።

ፊርማው የሚሠራው በጥንድ ቁልፍ ነው። የግል ቁልፍዎ እርስዎ ብቻ የሚያውቁት እጅግ ትልቅ ቁጥር ነው። ከእሱ የአደባባይ ቁልፍ ይወጣል፤ ሌሎች ፊርማዎ የእርስዎ መሆኑን የሚያረጋግጡት በዚህኛው ነው። ከግል ቁልፍ ወደ አደባባይ ቁልፍ መሄድ ጤፍ እንደመፍጨት ቀላል ነው። ከዱቄቱ ተነስቶ ጤፉን መመለስ ግን ዛሬ ያሉት ኮምፒውተሮች ሁሉ ተባብረው አይሆንላቸውም። የቢትኮይንም፣ የሌላው ትልቅ ክሪፕቶ የኢቴሪየምም መተማመኛ ይኸው ነው።

በ1994 ቤል ላብስ ይሠራ የነበረው የሒሳብ ሊቅ ፒተር ሾር፣ የኳንተም ኮምፒውተር ቢኖር ዱቄቱን ወደ ጤፍ መመለስ እንደሚቻል በወረቀት ላይ አሳየ። ማሽኑ ያኔ አልነበረም። ቢትኮይንም ገና 15 ዓመት ይቀረው ነበር። እንግዲህ የቢትኮይን ፈጣሪ ሳቶሺ ናካሞቶ በ2009 ሥራውን ሲያስጀምር፣ በመርህ ደረጃ ሊሰበር እንደሚችል የታወቀ ቁልፍ ነው የገጠመለት። ይህ ስንፍና አይደለም፤ ባንኩም፣ ኢንተርኔቱም፣ የመንግሥት መሥሪያ ቤቱም በዚሁ ዓይነት ቁልፍ ነበር የሚቆልፈው።

ሁለተኛው የመዝገቡ አካል ሃሽ የሚባለው፣ መረጃን ወደ ኋላ ወደማይመለስ አጭር አሻራ የሚቀይረው ስሌት ነው፤ መዝገቡን የሚጽፉት ማይነሮች ሌሊቱን ሙሉ የሚያሰሉት እሱን ነው። እዚህ ላይ ኳንተም ያን ያህል አያስፈራም። በ1996 ሎቭ ግሮቨር ያገኘው ዘዴ የሃሽን ጥንካሬ ከ256 ቢት ወደ 128 ቢት ያወርደዋል፤ 128 ቢትም ቢሆን የማይደፈር ግድግዳ ነው። እዚህ አገር ከኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ ኃይል ኃይል እየገዙ ማሽን የሚያንጋጉት ማይነሮች የሚያሳስባቸው የመብራት ታሪፍና የቢትኮይን ዋጋ ነው። ኳንተም ወረፋው ላይ ከኋላ ነው።

ቁልፍዎ ታይቷል ወይስ አልታየም?

ጊዜ ወስደው ሊያጣሩት የሚገባው ይህን ነው። ብዙዎቹ ቪዲዮዎች የሚዘሉትም ይህንኑ ነው።

የኳንተም ሌባ ሥራውን ለመጀመር የአደባባይ ቁልፍዎን ማየት አለበት። ስሙ «የአደባባይ» ይሁን እንጂ በቢትኮይን ሁልጊዜ አደባባይ አይወጣም። ለሰው የሚሰጡት አድራሻ አብዛኛውን ጊዜ የቁልፉ ሃሽ ነው፤ ቁልፉ በመጋረጃ ተጋርዷል። መጋረጃው የሚገለጠው ከአድራሻው ገንዘብ ሲልኩ ነው። ፊርማው እንዲረጋገጥ ቁልፉ አብሮ መቅረብ ስላለበት፣ አንዴ ከላኩ በኋላ መዝገቡ ላይ ለዘለዓለም ተጽፎ ይቀራል። በዚያው አድራሻ እንደገና ገንዘብ ከተቀበሉ ያ ገንዘብ ያለ መጋረጃ ተቀመጠ ማለት ነው።

እንግዲህ ዋሌትዎን ይክፈቱና አድራሻዎን ይዩ። በ1 ወይም በ«ቢሲ1ኪው» የሚጀምር ከሆነና ከእሱ ልከው የማያውቁ ከሆነ መጋረጃው አለ። በ3 የሚጀምረውም በአብዛኛው እንዲሁ ነው። በ«ቢሲ1ፒ» የሚጀምረው ግን ታፕሩት የሚባለው፣ በኖቬምበር 2021 ሥራ ላይ የዋለው አዲስ ዓይነት ነው፤ እሱ ቁልፉን ከመጀመሪያው ሳይጋርድ ነው የሚያስቀምጠው። አዲስ ሁሉ የተሻለ እየመሰለን ስለምንሄድ ይህን ስነግራቸው የሚገረሙ አሉ። ታፕሩት ሌላ ሌላ ጥቅም አለው፤ በኳንተም ዓይን ሲታይ ግን ወደኋላ የተራመደ ነው።

የኢቴሪየም አድራሻ ከያዙ ጉዳዩ አጭር ነው። እዚያ ሰው አንድ አድራሻ ይዞ ዓመታት ስለሚቆይ፣ አንዴ እንኳ ልከው ከሆነ ቁልፍዎ ታይቷል።

ዴሎይት የተባለው የሒሳብና የምክር ድርጅት ከጥቂት ዓመታት በፊት ባወጣው ትንተና፣ በሥራ ላይ ካለው ቢትኮይን ሩብ ያህሉ፣ ከ4 ሚሊዮን የሚበልጠው፣ ቁልፉ በታየ አድራሻ ላይ ተቀምጧል። ቢትኮይን በጠቅላላው ከ21 ሚሊዮን እንደማይበልጥ እዚህ ላይ ያስታውሱ። ከእነዚህ ውስጥ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የተገኙና ቁልፋቸው እንዳለ መዝገቡ ላይ የተጻፈ አሉ። የሳቶሺ ናካሞቶ ነው ተብሎ የሚገመተው አንድ ሚሊዮን ገደማ ቢትኮይንም በዚሁ ዓይነት ተቀምጦ፣ ከዚያን ጊዜ ጀምሮ ማንም ሳይነካው አለ።

መንግሥታትም ይህን ማጣራት ጀምረዋል። ኤል ሳልቫዶር በኦገስት 2025፣ በአንድ አድራሻ አከማችታው የነበረውን ከ6,000 በላይ ቢትኮይን በ14 አዳዲስ አድራሻዎች ከፋፍላ አስቀመጠች፤ ምክንያቷንም ኳንተም ነው ብላ ገለጸች። በገንዘብ አያያዟ የማይስማሙ ብዙ ናቸው። ይቺኛዋ ግን ማንም ሰው በዋሌቱ ላይ ሊያደርጋት የሚችል ተራ ጥንቃቄ ናት።

አንድ ቀዳዳ ይቀራል። በመጋረጃ የተሸፈነ አድራሻ እንኳ ቢሆን፣ ልከው መዝገቡ ላይ እስኪሰፍር ባሉት አሥር ያህል ደቂቃዎች ቁልፉ ይታያል። በእነዚያ ደቂቃዎች ቁልፉን ሰብሮ በእርስዎ ስም ሌላ ፊርማ ለማቅረብ በጣም ፈጣን የኳንተም ማሽን ያስፈልጋል። የመጀመሪያዎቹ ማሽኖች አንዱን ቁልፍ ለመስበር ቀናት የሚፈጁ ቢሆኑ አይገርምም፤ ስለዚህ መጀመሪያ የሚዘረፈው ለዓመታት ተገልጦ የተቀመጠው ነው።

ማሽኑ የት ደርሷል?

የኳንተም ማሽን የሚለካው መረጃ በሚይዙት ጥቃቅን ክፍሎቹ፣ በኪዩቢቶቹ ነው ይባላል፤ ቁጥሩ ግን ያሳስታል። ኪዩቢት እጅግ በቀላሉ የሚረበሽ ነገር ነው፤ ሙቀትም፣ ንዝረትም ያሳስተዋል። አንድ የሚታመን ሎጂካል ኪዩቢት ለማግኘት ብዙ መቶ ወይም ሺህ ተራ ኪዩቢቶች እርስ በርስ እየተራረሙ መሥራት አለባቸው። ዊሎው ተራ ኪዩቢቶቹ 105 ናቸው። አይቢኤም በ2023 ያሳየው ኮንዶር 1,121 ነበረው። የማይክሮሶፍት ተመራማሪዎች በ2017 ባሰሉት መሠረት ደግሞ የቢትኮይንን ዓይነት ቁልፍ ለመስበር 2,330 ያህል ሎጂካል ኪዩቢት ያስፈልጋል። በእንግሊዝ የሰሴክስ ዩኒቨርሲቲ ሰዎች በ2022 ይህን ወደ ተራ ኪዩቢት መንዝረው፣ በአንድ ቀን ለመስበር 13 ሚሊዮን፣ በአንድ ሰዓት ለመስበር 317 ሚሊዮን ይጠይቃል አሉ።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው ይተነፍሳል። ከሺህ እስከ ሚሊዮን መንገዱ ሩቅ ነው።

እኔ ግን የማየው ሌላኛውን ጫፍ ነው። ማሽኑ እያደገ ሲሄድ፣ የሚያስፈልገው የኪዩቢት ቁጥር ደግሞ ከላይ እየወረደ ነው። የጉግል ተመራማሪ ክሬግ ጊድኒ በ2019 ከባልደረባው ጋር ባወጣው ስሌት፣ ባንኮች የሚጠቀሙበትን አርኤስኤ-2048 የተባለ ቁልፍ ለመስበር 20 ሚሊዮን ኪዩቢት ያስፈልጋል ብሎ ነበር። በሜይ 2025 ያው ሰው ቁጥሩን ከአንድ ሚሊዮን በታች አወረደው፤ ጊዜውም ከሳምንት ያነሰ ነው። በስድስት ዓመት ውስጥ ከ20 ወደ 1። ያወረደው አዲስ ማሽን አይደለም፤ የተሻለ ሒሳብ ነው። የቢትኮይን ቁልፍ ደግሞ ከአርኤስኤ ቁልፍ አጭር ስለሆነ ለኳንተም ይበልጥ ይቀላል እንጂ አይከብድም። አይቢኤም በ2029 ባለ 200 ሎጂካል ኪዩቢት ማሽን አደርሳለሁ ብሎ ዕቅድ አውጥቷል። ይሳካለት አይሳካለት ይታያል፤ ቢሳካለትም 200 ከ2,330 ገና ይርቃል።

ዓመቱን ጠርቶ «በዚህ ቀን ይሰበራል» የሚልዎትን አይመኑ፤ «በኔ ዕድሜ አይሆንም» የሚለውንም እንዲሁ።

ቁልፉን ማን ይቀይረዋል?

ፍርሃቴን ለአንድ ነገር ብቻ መስጠት ካለብኝ ለዚህ ነው የምሰጠው።

ኳንተም የማይደፍረው የፊርማ ዘዴ አለ። የአሜሪካ የደረጃዎች ተቋም በ2016 የዓለምን ሊቃውንት አወዳድሮ፣ በኦገስት 2024 የመጀመሪያዎቹን ሦስት ደረጃዎች አጽድቋል። ያው ተቋም ባቀረበው ረቂቅ የጊዜ ሰሌዳ፣ የዛሬዎቹ ቁልፎች ከ2030 ጀምሮ እየተተዉ ሄደው በ2035 ይከለከላሉ። ሲግናል የተባለው የመልእክት መተግበሪያ በ2023፣ አፕል በ2024 የመልእክቶቻቸውን ቁልፍ መቀየር ጀምረዋል። እርስዎ እንኳ አላወቁም፤ አንድ ማታ ስልክዎ ራሱን አደሰ፣ አለቀ።

ቢትኮይን ይህን የሚያዝለት ሰው የለውም። ባለቤት የለውም፣ ሥራ አስኪያጅ የለውም። ውበቱ ይህ ነበር፤ አሁን ዕዳ ሆኖ መጣ። አንድ ለውጥ እንዲያልፍ በዓለም ዙሪያ ያሉ ሶፍትዌር ጸሐፊዎች፣ ማይነሮች፣ ክሪፕቶ የሚያገበያዩ ኤክስቼንጆችና ተራ ባለቤቶች በሰፊው መስማማት አለባቸው። ታፕሩት ሐሳቡ ከቀረበበት ከ2018 መጀመሪያ ሥራ ላይ እስከዋለበት ድረስ አራት ዓመት ሊሞላ ጥቂት ነበር የቀረው፤ ያውም እምብዛም ተቃዋሚ ሳይኖረው። ስለ ብሎክ መጠን የተነሳው ክርክር ደግሞ በኦገስት 2017 ቢትኮይንን ለሁለት ሰንጥቆ ቢትኮይን ካሽን ወለደ። ብሎክ በሚባል ገጽ ላይ ስንት ጽሑፍ ይግባ በሚል ነው ይህ ሁሉ።

አዲሶቹ ፊርማዎች ያንኑ ክርክር መልሰው ይቀሰቅሱታል። የዛሬው የቢትኮይን ፊርማ 70 ባይት ገደማ ነው። ከጸደቁት መካከል በስፋት ይሠራበታል ተብሎ የሚጠበቀው በትንሹ 2,420 ባይት ይወስዳል። ገጹ ያው፣ ፊርማው ከሰላሳ እጥፍ በላይ። ያኔ የመላኪያው ክፍያ ይንራል፤ ወይ ገጹ ይስፋ ይባላል፣ ዳግመኛ ጠብ።

ከዚያ ደግሞ የሙታኑ ጉዳይ አለ። የግል ቁልፋቸው የጠፋ፣ ባለቤቶቻቸው የሞቱ ቢትኮይኖች ወደ አዲሱ ቁልፍ የሚያሻግራቸው የለም። ምን ይደረጉ? አንዳንዱ፣ የቢትኮይን ሶፍትዌር ጸሐፊውን ጄምሰን ሎፕን ጨምሮ፣ ቀን ተቆርጦ ከዚያ ያለፉት ይታገዱ ይላል። ሌላው፣ የሰው ንብረት ማገድ የጀመረ ሥርዓት ከባንክ በምን ይለያል፣ ሌባው ይውሰደው ይላል። እኛ አገር «ርስት በሺህ ዓመቱ ለባለቤቱ» ብሎ ላደገ ሰው ይህ ሙግት አዲስ አይደለም። እኔ ረጅም ማስጠንቀቂያ ተሰጥቶ ቢታገዱ እመርጣለሁ፤ በሚሊዮን የሚቆጠር ቢትኮይን በአንድ ዘራፊ እጅ ገብቶ ገበያ ላይ ቢፈስ፣ ቁልፉን በጊዜ የቀየረው ጠንቃቃ ሰው አብሮ ይከስራልና። ባለቤቱ ዋሻ ውስጥ ከርሞ ሲመለስ ምን እንደምለው ግን አላውቅም።

ኢቴሪየም በዚህ በኩል ይሻላል። ከመሥራቾቹ አንዱ የሆነው ቪታሊክ ቡተሪን በማርች 2024፣ ድንገት የኳንተም ዝርፊያ ቢጀመር መዝገቡን ወደኋላ መልሶ፣ አሮጌውን ፊርማ አግዶ፣ ለባለቤቶቹ በሌላ ማረጋገጫ መመለስ የሚቻልበትን መንገድ ጽፏል። የሚሰማ መሪ መኖሩ የሚጠቅመው በዚህን ጊዜ ነው። ይህን ስል የቢትኮይን ሰዎች አይወዱልኝም።

ገንዘብዎ የሚገኘው የት ነው?

ኤክስቼንጅ ላይ ካስቀመጡ ቁልፉ የእርስዎ አይደለም፤ ስለዚህ ስለ ኳንተም መጨነቅ የኤክስቼንጁ ፋንታ ነው። የእርስዎ ፋንታ ስለ ኤክስቼንጁ መጨነቅ ነው። ማውንት ጎክስ በ2014 ሲወድቅ ወደ 850,000 ቢትኮይን ጠፋ ተባለ። ኤፍቲኤክስ በኖቬምበር 2022 ከሠረ። ባይቢት በፌብሩዋሪ 2025 አንድ ቢሊዮን ተኩል ዶላር ገደማ ተሰረቀ፤ የአሜሪካው ኤፍቢአይ የሰሜን ኮሪያ ሰዎች ሥራ ነው ብሏል። ከሦስቱ በአንዱም ውስጥ ኳንተም የለበትም።

ኢትዮጵያ ውስጥ ሆነው ከሆነ የሚያነቡኝ ደግሞ፣ ብሔራዊ ባንክ በ2022 በክሪፕቶ መገበያየት ሕገ ወጥ መሆኑን ማስጠንቀቁን ያስታውሱ። ኢትዮጵያ ውስጥ ያለ ሰው ከኳንተም በፊት የሕግ አዋቂ ያማክር።

«ኳንተም የማይደፍረው» ሲሉዎትስ?

ኳንተም አይደፍረንም ከሚሉት ክሪፕቶዎች መካከል ከምሩ የሚሠሩ አሉ። ኪውአርኤል የተባለው ከ2018 ጀምሮ ሃሽ ላይ የተመሠረተ ፊርማ ይጠቀማል። ነገር ግን ፊርማው ጠንካራ የሆነ ሁሉ ዋጋው ያድጋል ማለት አይደለም፤ ጥሩ ቁልፍ የተገጠመለት ባዶ ቤትም አለ።

«ኳንተም አይደፍረውም» የሚለው ቃል ራሱ ዋስትና አይደለም። በዚያ የአሜሪካ ውድድር እስከ አራተኛው ዙር የደረሰ ሳይክ የሚባል ዘዴ ነበር። በ2022 የቤልጂየም ሁለት ተመራማሪዎች በአንድ ሰዓት ገደማ ሰበሩት። በኳንተም ማሽን እንዳይመስልዎ፤ በተራ ኮምፒውተር፣ ያውም በአንድ ኮሩ ብቻ ነው።

የሚብሰው ግን ሌላ ነው። «ዋሌትዎ ለኳንተም ተጋልጧል፤ ወደ አዲሱ እንድናሻግርልዎ 24ቱን ቃላት እዚህ ያስገቡ» የሚል መልእክት ከደረሰዎት፣ የላከው ሌባ ነው፤ እነዚያ ቃላት የግል ቁልፍዎ የሚወጣባቸው ናቸውና። የእውነቱ ሽግግር ሲመጣ ገንዘቡን የሚያሻግሩት እርስዎ ራስዎ ከራስዎ ዋሌት ነው፤ ቃላቱን የሚጠይቅዎ ሰው አይኖርም። ስሙ ላይ «ኳንተም» ለጥፎ በየቀኑ ትርፍ የሚያስገባ የንግድ ሮቦት አለኝ የሚለውንም በዚሁ ይቁጠሩት።

ይህን ሁሉ ከነገርኩት በኋላ የአክስቴ ልጅ ዋሌቱን ከፍቶ አድራሻውን አነበበልኝ። በ1 ይጀምራል። ደስ አለው። «ከእሱ ልከህ ታውቃለህ?» አልኩት። ለታናሽ እህቱ ሠርግ ጊዜ ጥቂት ሸጦ ነበር፤ ከዚያም ወዲህ የገዛውን ሁሉ እዚያው አድራሻ ላይ ሲጨምር ኖሯል። ቁልፉ ተገልጧል ማለት ነው። በዚያው ማታ ዋሌቱ አዲስ አድራሻ እንዲያወጣለት አድርጎ፣ መጀመሪያ ትንሽ ልኮ መድረሱን አይቶ፣ ቀሪውን አሻገረው። ክፍያው ከአንድ ማኪያቶ ዋጋ አልበለጠም። ከእንግዲህ ለእያንዳንዱ ግዢ አዲስ አድራሻ ይጠቀማል።

«አሁን ልተኛ?» አለኝ።

«24ቱ ቃላት የት ናቸው?»

«ጻፍኳቸው እኮ፣ ወረቀት ላይ።»

«ወረቀቱስ?»

ዝም አለ። «ወረቀቱን ቤት ስንቀይር እንዳይጠፋብኝ ብዬ ፎቶ አንስቼው ነበር። ስልኬ ላይ ነው።» ጥቂት ቆየና ደግሞ፣ «አሮጌው ስልኬም ላይ አለ። እሱን ሸጬዋለሁ» አለ።